አይናቹራሊስት እና ሲክ፦ ተርብና ጉንዳን ለመለየት እስከ ምን ድረስ ይታመናሉ?

ስሙን የማናውቀውን ተርብ ወይም ጉንዳን በስልክ ለመለየት በሰፊው የሚወርዱት ሁለት አፖች አይናቹራሊስትና ከእሱ የወጣው ሲክ ናቸው። ሁለቱም በአንድሮይድም በአይፎንም ይሠራሉ፤ ክፍያም ማስታወቂያም የለባቸውም። እዚህ የምንመዝናቸው በአንድ ጥያቄ ብቻ ነው፦ ኢትዮጵያ ውስጥ የተነሳ የተርብ፣ የጉንዳን ወይም የንብ ፎቶ ሲሰጣቸው የሚናገሩት ስም ይታመናል ወይ?

ቤተሰቡን ለማወቅ ብዙውን ጊዜ ይታመናል። ጂነሱን (ከቤተሰብ በታች ያለውን፣ ተቀራራቢ ዝርያዎች የሚመደቡበትን ደረጃ) ለማወቅ ፎቶው የሚፈለገውን የአካል ክፍል ካሳየ ይታመናል። ዝርያው ላይ ግን ከጥቂት ጎልተው ከሚታዩት በስተቀር ስሙን እንደ ጥቆማ መያዝ እንጂ እንደ ውሳኔ መቀበል አይገባም። ይህን ገደብ አውቆ ለሚጠቀምባቸው ሰው ግን በነጻ ከሚገኙት መሣሪያዎች ሁሉ የላቁ ናቸው። በተለይ አይናቹራሊስት ከማሽኑ (ፎቶውን አይቶ ስም ከሚጠቁመው ፕሮግራም) ጀርባ ሰው ስላለበት ሌላ አፕ የማይሰጠውን ይሰጣል።

አይናቹራሊስት የተጀመረው እ.ኤ.አ. በ2008 በካሊፎርኒያ ዩኒቨርሲቲ በርክሌይ፣ የማስተርስ ተማሪዎች የመመረቂያ ሥራ ሆኖ ነው። በ2014 የካሊፎርኒያ ሳይንስ አካዳሚ ወሰደው፣ በ2017 ናሽናል ጂኦግራፊክ ሶሳይቲ ተጨመረበት፣ በ2023 ደግሞ ራሱን የቻለ ለትርፍ ያልተቋቋመ ድርጅት ሆነ። መስፈርቱን ያሟሉ ምዝገባዎች (ተጠቃሚዎች ከነቦታውና ከነቀኑ የጫኗቸው ፎቶዎች) ጂቢአይኤፍ ወደሚባለው ዓለም አቀፍ የብዝኃ ሕይወት መረጃ ቋት ይተላለፋሉ፤ ተመራማሪዎችም ከዚያ ይወስዱታል። ስለዚህ በጥንቃቄ የተመዘገበ አንድ ጉንዳን የት ተገኘ የሚለው መረጃ ስልክ ውስጥ ታፍኖ አይቀርም።

ሲክ ከዚህ ይቀላል፤ አካውንት አይጠይቅም። ካሜራውን ከፍቶ ማነጣጠር ብቻ ነው፤ ስክሪኑ ላይ ከዓለመ እንስሳት እስከ ዝርያ ያሉትን ደረጃዎች የሚወክሉ ሰባት ነጥቦች ይታያሉ፣ ማሽኑ እርግጠኛ በሆነ መጠንም አንድ በአንድ ይሞላሉ። መለያው ስልኩ ላይ ስለሚጫን ያለ ኔትወርክም ይሠራል። ገጠር ወጥቶ ለሚሠራ፣ ተማሪዎችን ይዞ ለሚወጣ አስተማሪም ይህ ትልቅ ነገር ነው። ድክመቱ የሚታየው የሚንቀሳቀስ ነገር ላይ ነው። ተርቡ ዞር ሲል ስሙ ይቀየራል፣ ሰባተኛው ነጥብ ለቅጽበት ይሞላና ሰው በዚያች ቅጽበት የታየውን ስም ይዞ ይሄዳል። ሲክን ስንጠቀም ስልኩን ቢያንስ ከሦስት አቅጣጫ ማዞርና በሦስቱም ጊዜ ሳይለወጥ የቆየውን ደረጃ ብቻ መቀበል ነው። አብዛኛውን ጊዜ ጸንቶ የሚቆየው ቤተሰቡ ወይም ጂነሱ ነው።

ለምን ይሳሳታሉ? ማሽኑ የሚያውቀው የተማረውን ብቻ ነው። አንድ ዝርያ ወደ ትምህርቱ እንዲገባ በመቶ ገደማ የሚቆጠር ፎቶ ያስፈልገዋል፤ ያን ያህል ያልተሰበሰበለት ዝርያ ለማሽኑ የለም። በዓለም ላይ ሳይንሳዊ ስም የወጣላቸው የጉንዳን ዝርያዎች ከ14,000 በላይ ናቸው፤ ከፎቶዎቹ ውስጥ ብዙው የተነሳው ግን በሰሜን አሜሪካና በአውሮፓ ነው። ስለዚህ ፎቶ ያልበዛለት የአገራችን ተርብ ሲቀርብለት ማሽኑ ከሚያውቃቸው መካከል በመልክ የሚቀርበውን ይሰይማል። ጥቁርና ቢጫ ቀለም ያለውን ተርብ ሁሉ «ቬስፑላ ጀርማኒካ» ሲል መገኘቱ ከዚህ የመጣ ነው። የዚህ ተርብ የተፈጥሮ ክልል አውሮፓ፣ ሰሜን አፍሪካና እስያ ነው፤ ደቡብ አፍሪካ የደረሰው በመጤነት ነው። ኢትዮጵያ ውስጥ ይህ ስም ከወጣ መጀመሪያ መጠርጠር ያለበት ስሙ ነው።

አይናቹራሊስት ለዚህ ችግር ከ2023 ጀምሮ የተሻለ መላ አበጅቷል። ማሽኑ መልኩን ብቻ ሳይሆን ያ ዝርያ በዚያ አካባቢ መገኘት ይችላል ወይ የሚለውንም ይመዝናል፤ ጥቆማዎቹም በአካባቢው በሚጠበቁት ብቻ ይጣራሉ። ይህን ማጣሪያ ማጥፋት ይቻላል፤ ግን ለተርብና ለጉንዳን አይጥፋ። ማጣሪያው የሚሠራው ደግሞ ፎቶው የተነሳበት ቦታ ከተመዘገበ ብቻ ነው።

እዚህ ላይ ነው የቴሌግራም ጣጣ የሚመጣው። በቴሌግራም እንደ ፎቶ የተላከ ምስል ይጨመቃል፣ ውስጡ የነበረው የቦታና የቀን መረጃም ይጠፋል። ጓደኛ ከጅማ የላከውን ፎቶ አዲስ አበባ ተቀምጦ የሚጭን ሰው ካላስተዋለ ጉንዳኑ የአዲስ አበባ ይሆናል፣ ቀኑም የተላከበት ቀን ይሆናል። መፍትሔው ላኪው ምስሉን «እንደ ፋይል» እንዲልክ መጠየቅ ነው፤ ያኔ ዋናው ምስል ከነመረጃው ይደርሳል። ካሜራው ላይም የቦታ ፈቃድ አስቀድሞ መከፈት አለበት። ቀኑን በእጅ የሚሞላ ሰው አፑ የሚያውቀው የፈረንጆቹን ዘመን መሆኑን አይርሳ፦ መስከረም 2018 ብሎ በእኛ አቆጣጠር ከሞላ ምዝገባው ሰባት ዓመት ወደ ኋላ ይሄዳል። ሰዓቱም እንዲሁ ነው፤ ከቀኑ 8 ሰዓት የታየ ተርብ 14 ሰዓት ተብሎ ይገባል። ጥቃቅን ስህተት ይመስላል፤ ነገር ግን ክንፍ ያላቸው ጉንዳኖች በየትኛው ወር ይወጣሉ ብሎ ለሚያጠና ሰው መረጃውን ያበላሸዋል።

ከአፑ ይልቅ ውጤቱን የሚወስነው ፎቶው ነው። አብዛኛው ሰው ከላይ አንድ ፎቶ ያነሳና ያበቃል፤ ለቢራቢሮ ይህ ብዙ ጊዜ ይበቃል፣ ለተርብና ለጉንዳን አይበቃም። የጉንዳን ባለሙያዎች ለዓመታት ሲሠሩበት የቆዩት ሦስት ፎቶ አለ፦ ፊቱ ከፊት ለፊት፣ መላ አካሉ ከጎን፣ መላ አካሉ ከላይ። ከሦስቱ አንድ ብቻ የሚነሳ ከሆነ ከጎን ይሁን፤ ጉንዳንን ከጉንዳን የሚለየው የወገብ ቋጠሮ ከላይ ሲታይ ይደበቃል። ለተርብ ደግሞ አራት ነገር ይፈለጋል፦ ወገቡ ከጎን፣ ፊቱና ዓይኑ፣ የፊተኛው ክንፍ ጅማቶች፣ የኋላ እግሩ። ጎጆው በአቅራቢያ ካለ እሱም ይነሳ። በወረቀት መሰል ነገር የተሠራ ጎጆና በጭቃ የተሠራ ጎጆ ሁለት የተለያዩ ወገኖችን ያመለክታሉ፤ ተርቡን በአጉሊ መነጽር ከማየት ይልቅ ጎጆውን ማየት ይቀላል።

ሁለት ሚሊሜትር የሚሆን የቤት ጉንዳን በባዶ ስልክ አይነሳም። ስልኩ ላይ የሚቆነጠጥ የማክሮ ሌንስ ያስፈልጋል። እነዚህ ሌንሶች የሚያተኩሩት ከሁለት እስከ ሦስት ሴንቲሜትር ርቀት ላይ ስለሆነ ስልኩን ማራቅና ማቅረብ እንጂ ስክሪኑን መንካት አይጠቅምም። ሌንሱ መቀመጥ ያለበት ዋናው ካሜራ ላይ ነው፤ ብዙ ካሜራ ያላቸው ስልኮች ርቀቱ ሲቀርብ ራሳቸው ወደ ሰፊው ካሜራ ስለሚዘሉ ይህ መጥፋት አለበት። ፍላሽ በቀጥታ ሲበራ የጉንዳን ቅርፊት ያብረቀርቅና ቋጠሮውም ፀጉሩም ነጭ ነጥብ ሆነው ይጠፋሉ፤ ፍላሹ ፊት ነጭ ወረቀት መያዝ ወይም ጥላ ባለበት የቀን ብርሃን ማንሳት ይሻላል። አጠገቡ ሚሊሜትር ያለው ማስመሪያ ካለ መጠኑ ከግምት ያመልጣል።

አልረጋ ያለውን ክዳን ባለው ግልጽ ብልቃጥ ይዞ ፍሪጅ ውስጥ ከ5 እስከ 10 ደቂቃ ማቆየት ይቻላል፤ ፍሪዘር ውስጥ ግን አይገባም፣ ይሞታል። ሲወጣ አንድ ሁለት ደቂቃ ፈዞ ይቆያል፤ ፊቱንና ክንፉን ማንሳት የሚቻለው ያን ጊዜ ነው። ቀድሞ ተነድፎ ሰውነቱ ያበጠ ወይም ትንፋሽ ያጠረው ሰው ይህን አይሞክር። ጎጆ ላይ ያሉ ተርቦችም በዚህ መንገድ አይያዙም፤ እነሱን ከሩቅ በማጉላት ማንሳት ይበቃል።

ፎቶዎቹ ከተዘጋጁ በኋላ ቅደም ተከተሉ ቀላል ነው፤ ሆኖም ሦስት ቦታ ላይ ሰው ይሰናከላል። አንደኛው መቁረጥ ነው። አይናቹራሊስት የሚያስቀምጠው ምስል ረጅሙ ጎኑ ከ2048 ፒክሰል አይበልጥም፤ ስለዚህ ጉንዳኑ ምስሉ ጥግ ላይ ነጥብ ሆኖ ከተጫነ ዝርዝሩ እዚያው ይጠፋል። ከመጫን በፊት ቆርጦ ፍጥረቱ ምስሉን እንዲሞላ ማድረግ ነው። ሁለተኛው ምዝገባዎችን ማቀላቀል ነው፦ የአንዱ ተርብ አምስት ፎቶ በአንድ ምዝገባ ይገባል፣ የሁለት የተለያዩ ተርቦች ፎቶ ግን በአንድ ምዝገባ አይገባም። ሰው ሁለቱንም ያዘበራርቃል፤ አንዱን ተርብ አምስት ቦታ ይከፋፍለዋል፣ በአንድ አበባ ላይ የነበሩትን ንብ፣ ዝንብና ተርብ ደግሞ አንድ ላይ ይጭናል። ሦስተኛው የፎቶዎቹ ቅደም ተከተል ነው፤ ድረ ገጹ ላይ ማሽኑ ጥቆማ የሚሰጠው የመጀመሪያውን ምስል አይቶ ስለሆነ ከሁሉ ጥርት ያለው የጎን ፎቶ ይቅደም። ከዚያ በማስታወሻው ቦታ ላይ ከባሕር ጠለል በላይ ያለውን ከፍታ፣ ያረፈበትን ተክልና ሲያደርግ የነበረውን መጻፍ ያስፈልጋል። በአገራችን ቆላና ደጋው በጥቂት ኪሎ ሜትር ውስጥ ስለሚቀያየር ከፍታ ትልቅ ፍንጭ ነው።

ተክሉን መጻፍ ለምን እንደሚጠቅም ሾላ ጥሩ ማስረጃ ነው። የሾላ ፍሬ ውስጥ የሚኖሩት ተርቦች ሁለት ሚሊሜትር ገደማ ቢሆኑ ነው፤ ሴራቶሶለን አራቢከስ የሚባለው አበባውን ያዳቅላል፣ የቅርብ ዘመዱ ሴራቶሶለን ጋሊሊ ግን ፍሬውን ይጠቀማል እንጂ አያዳቅልም። ሁለቱን ከስልክ ፎቶ መለየት አይታሰብም። ነገር ግን «ከሾላ ፍሬ የወጣ» የሚል አንድ መስመር ካለ ባለሙያው ፍለጋውን የት እንደሚጀምር ያውቃል።

ወደ ተርቦቹ ስንገባ አፑ በደንብ የሚሠራባቸው አሉ። ግድግዳ ላይ በጭቃ ጎጆ የሚሠራውና ሸረሪት የሚያድነው ጥቁር ተርብ፣ ወገቡ እንደ ክር የቀጠነና ቢጫ ከሆነ ደረቱም ሙሉ በሙሉ ጥቁር ከሆነ፣ ሴሊፍሮን ስፒሪፌክስ ነው፤ ማሽኑ ይህን ዝርያ ድረስ ብዙ ጊዜ አይስትም። ቬስፓ ኦሪየንታሊስም እንዲሁ ነው፤ ቀይ ቡናማ አካል፣ ቢጫ ፊትና ሆዱ ላይ ቢጫ ቀበቶ ያለው ትልቅ ተርብ ነው። በእስራኤልና በባሕረ ሰላጤው አገሮች ያሉ አንባቢዎችም በብዛት የሚያገኙት ይህንኑ ነው። በእነዚህ ሁለት ላይ ስሙን ተቀብሎ መሄድ ይቻላል።

ቤት ክዳን ሥር ክፍት የወረቀት ጎጆ የሚሠሩት ላይ ግን ዝርያውን ትቶ ጂነሱ ላይ መቆም ነው። ቤሎኖጋስተር ረጅምና ቀስ እያለ የሚሰፋ ወገብ አለው፤ ፖሊስቴስ ላይ ሆዱ በአጭሩ ይቀጥንና ወዲያው ይሰፋል። ሁለቱም ሲያርፉ የፊተኛውን ክንፍ በቁመቱ ያጥፋሉ፣ ዓይናቸውም ወደ ውስጥ የገባ ጎድጓዳ አለው። እነዚህ ሁለቱ ምልክቶች ከሌሉ ማሽኑ «የወረቀት ተርብ» ቢልም መጠራጠር ይገባል። የጭቃ እንስራ የመሰለ ጎጆ የሚሠሩት እንደ ዴልታ ያሉት ዘመዶቻቸውም ክንፋቸውን እንዲሁ ስለሚያጥፉ፣ የጎጆው ፎቶ ነገሩን ቶሎ ይቆርጠዋል።

ማሽኑ በተደጋጋሚ የሚሳሳትባቸውን አስመሳዮች ለይቶ ማወቅ ብዙ ጊዜ ይቆጥባል። አበባ ላይ የሚያንዣብበው ቢጫና ጥቁር ፍጥረት ክንፉ ሁለት ብቻ ከሆነ፣ አንቴናው አጭር፣ ዓይኑም ጭንቅላቱን የሞላ ከሆነ ዝንብ ነው፤ ተርብና ንብ አራት ክንፍ አላቸው። መሬት ላይ የምትሮጥ፣ ፀጉራም፣ ነጭ ወይም ቀይ ነጠብጣብ ያለባት ክንፍ የለሽ «ጉንዳን» ብዙ ጊዜ ሴት ሙቲሊዴ ናት፤ ተርብ ናት፣ አነዳደፏም ከባድ ነው፣ በእጅ አትነካም። የሚሄደው «ጉንዳን» ስምንት እግር ካለው ሸረሪት ነው። ክረምት ሲገባ ማታ ወደ መብራት የሚመጣው ረጅም ሆድ ያለው፣ ቡናማና ፀጉራም ትልቅ በራሪ ደግሞ በየጊዜው ተርብ ተብሎ ይጫናል፤ እሱ ግን በሰልፍ የሚጓዘው የዶሪለስ ጉንዳን ወንድ ነው። ሠራተኞቹ ዓይን የላቸውም፣ እሱ ግን ትልልቅ ዓይን አለው፤ ያንድ ቤተሰብ ልጆች መሆናቸውን ከመልካቸው ማንም አይገምትም።

ጉንዳን ላይ የማሽኑ ጥቆማ ከመታየቱ በፊት ሦስት ጥያቄ በራስ ዓይን ይመለስ። አንቴናው በክርን የታጠፈ ነው? ካልሆነ ጉንዳን አይደለም። ወገቡ ላይ ያለው ቋጠሮ አንድ ነው ወይስ ሁለት? የሆዱ ጫፍ ምን ይመስላል? አንድ ቋጠሮ ኖሮት ጫፉ ላይ በፀጉር የተከበበ ክብ ቀዳዳ ካለው ፎርሚሲኔ የሚባለው ንዑስ ቤተሰብ ነው፤ ካምፖኖተስና ሌፒሲዮታ ከዚህ ወገን ናቸው። አንድ ቋጠሮና መንደፊያ ኖሮት ሆዱ ከመጀመሪያው ክፍል በኋላ ጠበብ ካለ ፖኔሪኔ ነው፤ ምስጥ ለመዝረፍ በሰልፍ የሚወጣው ሜጋፖኔራ እዚህ ይመደባል። ሁለት ቋጠሮ ካለው አብዛኛውን ጊዜ ሚርሚሲኔ ነው። እዚያ ውስጥ ክሬማቶጋስተርን ማንም ይለየዋል፤ ሆዱ ከላይ ሲታይ የልብ ቅርጽ አለው፣ ሲነካም ሆዱን በጀርባው ላይ ያነሳል። ፈይዶሌ ደግሞ ጭንቅላታቸው ከአካላቸው የማይመጣጠን ትልልቅ ወታደሮች አሉት፤ ስለዚህ ትንሿን ሠራተኛ ብቻ አንስቶ መሄድ ማሽኑን ያሳስታል፣ ሁለቱንም መጠን ማንሳት ያስፈልጋል።

ከሌፒሲዮታ ሳንወጣ፦ በጣና ሐይቅ አካባቢ በአብያተ ክርስቲያናት ደኖችና ከደኖቹ ውጭ የተጠናው ሌፒሲዮታ ካኔሴንስ በኪሎ ሜትሮች የሚዘረጋ፣ ጎጆዎቹ እርስ በርስ የማይጣሉበት ግዙፍ ሰፈር እንደሚመሠርት ታውቋል። ይህን የመሰለ ዝርያ መስፋፋቱን ለመከታተል የተራ ሰው ፎቶ ከነቦታውና ከነቀኑ ዋጋ አለው። ማሽኑ «ሌፒሲዮታ» ካለ ትልቅ ሥራ ሠርቷል፤ ከዚያ በላይ እንዲሄድ መጠበቅ አይገባም።

ቤት ውስጥ ያሉት ጥቃቅን ጉንዳኖች ላይ ሁለቱም አፖች ደካማ ናቸው፤ የተግባር ጉዳቱ የሚመጣው ግን እዚሁ ላይ ነው። የፈርዖን ጉንዳን የሚባለው ሞኖሞሪየም ፋራኦኒስ ቢጫማ፣ ሁለት ሚሊሜትር ገደማ ሲሆን በሆስፒታልና በኩሽና ይከሰታል። ፍሊት ሲነፋበት ሰፈሩ ተከፋፍሎ ወደ ሌሎች ክፍሎች ይበተናል፤ የሚያጠፋው ሠራተኞቹ ወደ ጎጆ ይዘውት የሚገቡት መርዛማ ማጥመጃ ነው። ሶሌኖፕሲስ ከእሱ ጋር ይምታታል። የሚለያቸው አንቴና ነው፦ ሞኖሞሪየም ፋራኦኒስ 12 ክፍል ያለው አንቴና ኖሮት ጫፉ ላይ ሦስቱ ይወፍራሉ፤ ሶሌኖፕሲስ ላይ በብዛት 10 ክፍል ነው፣ የሚወፍሩትም ሁለት ናቸው። ታፒኖማ ሜላኖሴፋለም ደግሞ ጭንቅላቱ ጥቁር፣ ሆዱና እግሩ ነጣ ያለ ስለሆነ በቀለሙ ይታወቃል። አንቴና የሚቆጠረው አሥር እጥፍ በሚያጎላ የእጅ መነጽርና በማክሮ ሌንስ ነው። ያ ፎቶ ከሌለ አፑ የሚሰጠውን ስም ይዞ ጸረ ተባይ ለመግዛት መውጣት ገንዘብ ማባከን ነው።

ዝናብ እንደጣለ በክንፍ የሚወጡትም እንዲሁ መለየት አለባቸው። አራቱም ክንፎቹ እኩል ርዝመት ኖሯቸው፣ አንቴናው ቀጥ ያለ ዶቃ መሰል ከሆነ ወገቡም ካልቀጠነ ምስጥ ነው፣ ለቤት እንጨት ያሰጋል። የፊተኛው ክንፍ ከኋላው ረዝሞ ወገቡ ከቀጠነ ጉንዳን ነው። ይህን ሲክ በአንድ ጥርት ያለ ፎቶ በአግባቡ ይለያል።

ገበሬና የግብርና ባለሙያ አፑን የሚጠቀምበት ሌላ ጉዳይ አለ። እ.ኤ.አ. በ2017 ኢትዮጵያ የገባው የአሜሪካ መጤ ተምች የሚለየው ጭንቅላቱ ላይ ባለው የተገለበጠ ዋይ ፊደልና በሆዱ ስምንተኛ ክፍል ላይ በአራት ማዕዘን በተደረደሩ አራት ጥቁር ነጥቦች ነው። ስለዚህ ጭንቅላቱና የጀርባው መጨረሻ ጥርት ብለው መነሳት አለባቸው፤ በመሐል ጀርባው ብቻ ማሽኑ ከሌሎች ተምቾች ጋር ያምታታዋል። ከትሉ አጠገብ ጥቂት ሚሊሜትር የምትረዝም ነጭ የሐር ከረጢት ከታየች ግን የተምቹ እንቁላል ናት ተብላ አትጨፍለቅ። የጥገኛ ተርብ ሙሽሬ ልትሆን ትችላለች፤ ኮቴሲያ ኢሲፔ የሚባለው ተርብ በኢትዮጵያ ይህንኑ ተምች ሲያጠቃ ተገኝቷል። አፑ የሚለው «ብራኮኒዴ» (የጥገኛ ተርቦች ቤተሰብ) ወይም ቢበዛ «ኮቴሲያ» ነው፤ ወዳጅን ከጠላት ለመለየት እሱ ይበቃል። ብራኮኒዴን ከዘመዱ ከኢክኒውሞኒዴ የሚለየው የፊተኛው ክንፍ ነው። ከክንፉ መሐል ወደ ኋላ የሚወርዱት አጫጭር ጅማቶች ኢክኒውሞኒዴ ላይ አብዛኛውን ጊዜ ሁለት ናቸው፣ ብራኮኒዴ ላይ አንድ። ክንፉ ካልታየ ሁለቱን በመልክ ብቻ የሚለይ ጥቆማ ዋጋ የለውም።

የማር ንብን ሁለቱም አፖች በቀላሉ «አፒስ ሜሊፌራ» ይላሉ፣ ልክም ናቸው። ከዚያ ወርደው ንዑስ ዝርያውን፣ ለምሳሌ በ2011 ስም የወጣለትን የኢትዮጵያውን ሲሜንሲስ፣ እንዲነግሩ መጠየቅ ግን አይገባም። ያ የሚታወቀው የብዙ ንቦች ክንፍና አካል ተለክቶ ወይም በዘረመል ነው፤ ለዚህ የሆለታ ንብ ምርምር ማዕከልን ማነጋገር ይሻላል።

አይናቹራሊስትን ከሌላው አፕ የሚያስበልጠው የሰዎቹ ሥራ ነው ብለናል። ምዝገባው «የምርምር ደረጃ» የሚያገኘው ቀን፣ ቦታና ፎቶ ኖሮት፣ ሰው ያላሳደገው ፍጥረት ሆኖ፣ ስም ከሰጡት ሰዎችም ከሁለት ሦስተኛ በላይ በዝርያው ሲስማሙ ነው። ድክመቱ እዚሁ ላይ ነው። ባለቤቱ የማሽኑን ስም ሳያይ ይቀበላል፣ ሁለተኛ ሰው በደግነት ያጸድቅለታል፤ ሁለት ሰው ስለተስማማ ስህተቱ የምርምር ደረጃ ይዞ ወደ ጂቢአይኤፍ ይሄዳል። የራስ ዓይን ያላየውን ማጽደቅ ትልቁ ጥፋት ነው። የማያውቁትን «ተርብ» ወይም «ፎርሚሲዴ» (የጉንዳን ቤተሰብ) ብሎ ማስቀመጥ አያሳፍርም፤ እንዲያውም ጉንዳን ብቻ የሚያዩ ባለሙያዎች ያን ስም ይዘው ያጣራሉና ምዝገባው ቶሎ ዓይን ይገባል። ባዶ የተተወ ግን በቀላሉ አይገኝም። ባለሙያው ጂነሱ ላይ ቆሞ «ከዚህ በላይ በፎቶ አይቻልም» ካለ፣ ያንን የሚያመለክት ምርጫ ገጹ ላይ አለ፤ ከቤተሰብ የወረደ ስም ይዞም የምርምር ደረጃ ሊያገኝ ይችላል።

ጥቆማውን ለማመሳከር ሁለት ነጻ ድረ ገጾች አብረው መከፈት አለባቸው። አንትዌብ የካሊፎርኒያ ሳይንስ አካዳሚ ሥራ ነው፤ ከላይ የተባሉትን ሦስት ፎቶዎች በሙዚየም ናሙናዎች ላይ ያሳያል፣ በአገር እየለዩም ማየት ይቻላል። ዋስፕዌብን የሚያዘጋጀው በኬፕታውን ኢዚኮ ሙዚየም የሚሠራው ሳይመን ቫን ኑርት ነው፤ የአፍሪካን ተርቦች፣ ንቦችና ጉንዳኖች ይሸፍናል፣ በጥያቄና መልስ የሚያደርሱ መለያ ቁልፎችም አሉት። ለተርብ ከአይናቹራሊስት ይልቅ እሱን ማመን ይገባል። አሜሪካ ያሉ አንባቢዎች የሚያውቁት በግጋይድ የሚባለው ድረ ገጽ አሜሪካንና ካናዳን ብቻ ስለሚመለከት ቨርጂኒያ ላለ ተርብ እንጂ ጎንደር ላለ ተርብ አያገለግልም።

ፎቶ የማይጨርሰው ጉዳይ ሲሆን ናሙና ይያዝ። ጉንዳን ከ70 እስከ 80 በመቶ አልኮል ውስጥ ይገባል፤ ለዘረመል ምርመራ ከሆነ 95 በመቶ ይሁን። መለያ ወረቀቱ በእርሳስ ተጽፎ እዚያው ብልቃጥ ውስጥ ይግባ፤ የእስክሪብቶ ቀለም በአልኮል ይሟሟል። አገር፣ ክልል፣ የቦታ ስም፣ ከፍታ፣ ቀን፣ የሰብሳቢው ስም ይጻፍ፤ የአይናቹራሊስቱ የምዝገባ ቁጥርም ይጨመር፣ ፎቶና ናሙና ያኔ ይገናኛሉ።

የመኖሪያ ግቢ ውስጥ የተነሳ ፎቶ ሲጫን የቦታው አማራጭ «የተሸፈነ» ላይ ይደረግ። ያኔ ለሌላ ሰው የሚታየው ነጥብ በ0.2 ዲግሪ፣ ማለትም በሃያ ኪሎ ሜትር ገደማ ሣጥን ውስጥ የሆነ ቦታ ይሆናል፤ ትክክለኛው ግን ለባለቤቱ ይቀመጣል። ባለቤቱ ፈቃዱን ካልቀየረው በስተቀር ፎቶዎቹ ስም እየተጠቀሰ ለንግድ ላልሆነ ሥራ በሚፈቅድ ፈቃድ ይወጣሉ፤ ሁሉንም መብት ለራሱ የሚያስቀር ሰው ምዝገባው ወደ ጂቢአይኤፍ እንደማይሻገር ይወቅ።